ካታሊና ሲመጣ ስቱዲዮዎች ለምን ሞሃቬ ላይ ቀሩ፦ የአንድ አፕዴት ጉዳይ ጥናት

በፈረንጆቹ ኦክቶበር 7፣ 2019 አፕል የማክ ኮምፒውተሮቹን ሲስተም አዲስ ቨርዥን፣ ማክኦኤስ ካታሊናን ማለትም 10.15ን ለቀቀ፣ በነጻ፣ ለሁሉም ሰው በአንድ ቀን። ሌላው ተጠቃሚ አውርዶ ጭኖ ወደ ስራው ተመለሰ። የዛን ሰሞን ግን የሙዚቃ ሶፍትዌርና የሳውንድ ካርድ የሚሰሩ ድርጅቶች ተራ በተራ ለደንበኞቻቸው ተመሳሳይ መልዕክት ይልኩ ነበር፣ እኛ ሞክረን ደህና ነው እስክንላችሁ ድረስ እንዳትጭኑት የሚል። ብዙ ፕሮዲውሰሮችም ሰሟቸው፣ ከካታሊና በፊት የነበረው ሞሃቬ 10.14 ላይ ቀሩ፣ አንዳንዱ ለጥቂት ወር አንዳንዱ ለአመታት።

ይሄን ጉዳይ መርጬ በዝርዝር የምጽፈው ፕሮዲውሰሮች አሮጌ ቨርዥን ላይ ሙጭጭ የሚሉት አዲስ ነገር ስለሚፈሩ ነው ሲባል ስለምሰማ ነው። ስንፍና ነው፣ ልማድ ነው፣ ገንዘብ ላለማውጣት ነው ይባላል። በ2019 የሆነውን ነገር አንድ በአንድ ስታዩት ግን ሌላ ነገር ነው የምታገኙት። እዛ ኮምፒውተር ውስጥ የሰው ስራ አለ፣ ያ ስራ ነገም በትናንትናው ድምጹ መከፈት አለበት፣ እና ያንን የማስከፈት ሃላፊነት ያለበት ሰው አፕዴት የሚለውን በተን እንደሌላው ሰው ሊጫነው አይችልም። የኔ ሀሳብ ይሄ ነው፣ ቀጥሎ ያለው ሁሉ ለምን እንደዛ እንዳልኩ ነው።

ኮምፒውተሩ ውስጥ ያለው ነገር

ከውጪ ለሚያይ ሰው የፕሮዲውሰር ኮምፒውተር ላይ ያለው አንድ የሙዚቃ መስሪያ ፕሮግራም ነው፣ ሎጂክ ወይ ኩቤዝ ወይ ኤብልተን ላይቭ ወይ ፕሮ ቱልስ። ግን ያ ፕሮግራም መሀል ላይ ያለ አንድ ቁራጭ ነው እንጂ ሁሉም ነገር አይደለም። ከስሩ ኦፐሬቲንግ ሲስተሙ አለ፣ ከጎኑ ሳውንድ ካርዱን ከሲስተሙ ጋር የሚያገናኘው ድራይቨር አለ፣ በላዩ ላይ ከተለያየ ድርጅት የመጡ ብዙ ፕላጊኖች (ፕሮግራሙ ውስጥ ገብተው ድምጽ የሚያወጡ ወይ ድምጽ የሚቀይሩ ትንንሽ ሶፍትዌሮች) አሉ፣ ፕላጊኖቹ ደግሞ ላይሰንሳቸውን የሚያረጋግጥላቸው ሌላ ሶፍትዌር ይፈልጋሉ፣ አይሎክ አለ፣ ሌላም ሌላም አለ፣ ሳምፕል ላይብረሪዎቹ (የተቀረጹ የመሳሪያ ድምጾች ስብስቦቹ) ደግሞ ለብቻቸው ውጪ ሃርድ ዲስክ ላይ ተቀምጠዋል። እነዚን ሁሉ የሰራ አንድ ድርጅት የለም። አንዱ ትልቅ ካምፓኒ ነው፣ አንዱን ሁለት ሰው ቤቱ ቁጭ ብሎ ነው የሚጽፈው፣ አንዱ ጭራሽ ተዘግቷል። አፕል ከ2012 ጀምሮ በየአመቱ አዲስ ሲስተም ያወጣል፣ ከ2013 ጀምሮ ደግሞ በነጻ ነው፣ እና እነዚ ሁሉ ሰዎች በአንድ ቀን ዝግጁ ሆነው የሚገኙበት አጋጣሚ የለም። ከአንድ ሴሽን ውስጥ፣ ማለትም የአንድ ዘፈን ስራ ሴቭ ከተደረገበት ፋይል ውስጥ፣ ሰላሳ ፕላጊን ቢኖርና ሃያ ዘጠኙ ቢሰራ ሴሽኑ አልሰራም ማለት ነው፣ ምክንያቱም የቀረችው አንዷ የዘፋኙ ድምጽ ላይ ያለችው ልትሆን ትችላለች።

በዛ ላይ ድምጽ ጊዜ አይሰጥም። አንድ ሰው ድምጹን እየቀረጸ በሄድፎን ራሱን መስማት ካለበት በፈር የሚባለውን፣ ኮምፒውተሩ በአንድ ጊዜ የሚያስተናግደውን የድምጽ መጠን፣ ዝቅ ማረግ ግድ ነው፣ ለምሳሌ 128 ሳምፕል በ44,100 ሳምፕል ሬት (በሰከንድ 44,100 ሳምፕል) ላይ ማለት ኮምፒውተሩ በየ2.9 ሚሊሰከንዱ ሁሉንም ፕላጊን አስልቶ ጨርሶ ማስረከብ አለበት ማለት ነው። አንድ ጊዜ ከዘገየ ቀጭ የሚል ድምጽ ይሰማል፣ ቀረጻውም ተበላሸ። ኢሜይል የሚያነብ ሰው ሲስተሙ ለአስር ሚሊሰከንድ ሌላ ነገር ቢሰራ አያውቀውም፣ ዘፋኝ ፊት የተቀመጠ ሰው ግን ወዲያው ነው የሚያውቀው። ስለዚ ለሌላው ሰው እንከን የለውም የተባለ ሲስተም ለድምጽ ስራ ገና ላይሆን ይችላል።

የዚህ ምስክር ራሱ ሞሃቬ ነው። ሞሃቬ የወጣው ሴፕቴምበር 24፣ 2018 ነው፣ በዛው አመት ቲ2 የሚባል ቺፕ ያለባቸው ማክቡክ ፕሮ፣ ማክቡክ ኤርና ማክ ሚኒ ወጥተው ነበር፣ እና እነዚ ማሽኖች ላይ በዩኤስቢ የሚሰካ ሳውንድ ካርድ ድምጹ በየመሀሉ ቁርጥ ይል ጀመር። ሰው ኬብል ቀየረ፣ ሳውንድ ካርድ ቀየረ፣ ድራይቨሩን አጥፍቶ እንደገና ጫነ፣ አልሄደም። አፕል ያስተካከለው በማርች 2019 በወጣው 10.14.4 ላይ ነው፣ በ2018 የወጡት ማሽኖች ላይ የዩኤስቢ ድምጽ አስተማማኝነት ተሻሽሏል ብሎ በአፕዴቱ ማስታወሻ ላይ ጽፎታል። ቁጥሩን እዩት እስቲ፣ ለነዚ ማሽኖች ሞሃቬ በድምጽ በኩል እስኪረጋጋ ስድስት ወር ፈጀ፣ ከዛ ስድስት ወር ከምናምን ብቻ ቆይቶ ካታሊና መጣ። ከአመቱ ግማሹ እስኪስተካከል መጠበቂያ ሆነ፣ በቀረው ግማሽ ነው ሰው ተረጋግቶ የሰራው፣ እና ልክ ሲረጋጋ ተነሱ ተባለ። እኔ የሞሃቬ ሰዎችን እልህ በደንብ የተረዳሁት ይሄን ጊዜ ቆጥሬ ሳየው ነው።

ካታሊና ምን ነካ

ትልቁ ወሬ የ32 ቢት ነገር ነበር። ካታሊና 32 ቢት የሆነ፣ ማለትም ከ64 ቢት በፊት በነበረው አሮጌ አሰራር የተጻፈ፣ ፕሮግራም ጭራሽ አይከፍትም። እዚ ላይ ለአፕል ፍትሃዊ መሆን ያስፈልጋል፣ ድንገት አላረገውም። ገና በ2017 ነው ከሞሃቬ በፊት የነበረው ሃይ ሲየራ (10.13) 32 ቢትን ያለችግር የሚቀበል የመጨረሻው ሲስተም ነው ብሎ የተናገረው፣ በ2018 መጀመሪያ 10.13.4 ላይ አሮጌ ፕሮግራም ስትከፍቱ ማስጠንቀቂያ ይወጣ ጀመር፣ ሞሃቬ የመጨረሻው እንደሆነም አስቀድሞ ተነግሯል። ምክንያቱም ትክክል ነው፣ 32 ቢት የሆነ ፕሮግራም ከ4 ጊጋባይት በላይ ሜሞሪ ማየት አይችልም፣ የዛሬ ኦርኬስትራ ላይብረሪ ደግሞ ይሄን ብቻውን ይጨርሰዋል። የሙዚቃ ፕሮግራሞቹም ቢሆኑ ቀድመው ተሻግረው ነበር፣ ሎጂክ ፕሮ ኤክስና ፕሮ ቱልስ 11 በ2013፣ ኩቤዝ 9 በ2016 መጨረሻ፣ ላይቭ 10 በ2018 መጀመሪያ።

ታዲያ ማን ቀረ? ድልድይ የሚጠቀሙት ቀሩ። ሳውንድ ራዲክስ የሚባለው ድርጅት 32 ላይቭስ የሚባል መሳሪያ ነበረው፣ ስራው 32 ቢት የሆነ ፕላጊንን 64 ቢት ፕሮግራም ውስጥ እንዲከፈት ማረግ ነው። ሪፐር የሚባለው የሙዚቃ ፕሮግራም ደግሞ ይሄን በራሱ ውስጥ ያረገዋል። ሰው በነዚ ድልድዮች አሮጌ ፕላጊኖቹን ይዞ አመታት ተጓዘ፣ ካታሊና ሲመጣ ግን ድልድዩ የቆመበት መሬት ራሱ ነው የተነሳው፣ ምክንያቱም ድልድዩ ከኋላ የሚያስነሳው ፕሮግራም 32 ቢት ነው። እና ለምን አሮጌ ፕላጊን ይዘው ይዞራሉ የሚል ሰው ካለ መልሱ ቀላል ነው፣ የዛ ፕላጊን ድምጽ ስራው ውስጥ ገብቷል፣ የሰራው ድርጅት ደግሞ ወይ ተዘግቷል ወይ ሌላ ገዝቶታል። ካሜል ኦዲዮን አስታውሱ፣ በ2015 አፕል ገዛው፣ አልኬሚ የሚባለው ሲንተሳይዘሩ በዛው አመት ሎጂክ ውስጥ ገባ፣ ብዙ ሰው የሚወደው ካሜልክራሸር ግን ከዛ በኋላ አፕዴት አላገኘም። በነጻ ይሰጥ የነበረ ትንሽ ነገር ነው፣ ግን ስንት ባስ፣ ስንት ከበሮ በሱ ውስጥ አልፏል። እንደዚ አይነት ፕላጊን የሚጠቀም ሰው አዲስ ሲስተም በመጣ ቁጥር ይሄኛውስ ይቀበለው ይሆን ብሎ ከመጠየቅ ውጪ የሚጠይቀው አካል የለውም።

አንድ ብዙ ሰው ያላሰበው ነገር ደግሞ ነበር። ፕላጊኑ ራሱ 64 ቢት ሆኖ መጫኛው ወይም ላይሰንስ ማረጋገጫው 32 ቢት የሆነ ነበር። ቀድሞ ተጭኖ ያለ ከሆነ ምናልባት ይሰራል፣ እንደ አዲስ ልጫን ካላችሁ ግን መጫኛው አይከፈትም። ስለዚ ሁሉም ፕላጊኖቼ 64 ቢት ናቸው ችግር የለብኝም ብሎ ዲስኩን አጥቦ ካታሊናን ንጹህ አርጎ የጫነ ሰው ነው የበለጠ የተቸገረው።

ከዛ ኖታራይዜሽን መጣ። ከአፕ ስቶር ውጪ የሚሰራጭ አዲስ ሶፍትዌር መጀመሪያ ወደ አፕል ተልኮ ተፈትሾ ማረጋገጫ ማግኘት አለበት፣ ካለዚያ ሲስተሙ በዲፎልት አላስከፍትም ይላል። ለደህንነት ጥሩ ነው፣ አልቃወምም። ግን ለብቻው ፕላጊን ለሚጽፍ ሰው ይሄ ተጨማሪ ስራ ነው፣ አፕል ራሱ ብዙዎች እንዳልደረሱ አይቶ መስፈርቱን እስከ 2020 መጀመሪያ ድረስ ለጊዜው አላልቶታል። በሌላ በኩል ሲስተሙ የተቀመጠበት ክፍል ሊጻፍበት የማይችል ሆኖ ተለየ፣ ውጪ ሃርድ ዲስክ፣ ዴስክቶፕና ዶክመንት ፎልደር ለመንካት ፕሮግራሙ ፈቃድ መጠየቅ ጀመረ። ሳምፕሎቹ በሙሉ ውጪ ዲስክ ላይ ላለ ሰው ይሄ ምን ማለት እንደሆነ አስቡት፣ አንዴ ሳያስተውል አይ የሚለውን ከተጫነ ሳምፕሎቹን የሚያጫውተው ሳምፕለር ፋይሉ የለም ይለዋል፣ ዲስኩ ግን እዛው ፊቱ ተሰክቷል።

ድራይቨሮችም ነበሩ። አፕል ከሲስተሙ እምብርት ጋር የሚጣበቁትን የድሮ ድራይቨሮች እያስቀረ በአዲስ አይነት አሰራር ሊተካቸው መጀመሩን በካታሊና ጊዜ ነው ያሳወቀው። ድራይቨር ሳይፈልግ በስታንዳርዱ የሚሰራ ሳውንድ ካርድ ያለው ሰው በዚህ በኩል ብዙም አልተነካም፣ የራሱ ድራይቨር የሚያስፈልገው፣ በተለይ ሰሪው አፕዴት ማውጣት ያቆመበት ሰው ግን ዕቃው ምንም ሳይበላሽ ዕቃ አልባ የመሆን አደጋ ውስጥ ገባ።

ዲጄዎችም ሳይቀሩ ተነክተዋል። ካታሊና አይቲዩንስን ከፋፍሎ ሙዚክ፣ ቲቪና ፖድካስት አረገው፣ በዛውም አይቲዩንስ በራሱ የሚያዘጋጀው የላይብረሪ ኤክስኤምኤል ፋይል ቀረ። ብዙ የዲጄ ሶፍትዌር ፕሌይሊስት የሚያነበው ከዛ ፋይል ነበር፣ አፕልም በዛ የሚሰሩ ሰዎች ለጊዜው ሞሃቬ ላይ እንዲቆዩ መክሯል። የፊልም ድምጽ የሚሰሩ ደግሞ የቪዲዮ ማጫወቻውን ኩዊክታይም 7ን አጡ፣ ከሱ ጋር የድሮ ቪዲዮዎች የሚከፈቱባቸው ኮዴኮችም ሄዱ።

ዋናው ነገር፦ ሴሽኑ

እስካሁን ያልኩት ሁሉ ግን እኔ እንደማስበው ከዋናው ጎን የቆመ ነው። ችግሩ ፕላጊን አለመክፈቱ ቢሆን ኖሮ ሰው ሌላ ፕላጊን ይገዛና ይቀጥላል። ዋናው ነገር ያለቀ ስራ የሚባል ነገር አለመኖሩ ነው።

ዘፈኑ ተሰርቶ፣ ተሚክሶ፣ ማስተር ተደርጎ ይወጣል። ከስምንት ወር በኋላ ዘፋኙ ይደውላል፣ ለመድረክ ኢንስትሩመንታሉን እፈልጋለሁ፣ ወይም ለማስታወቂያ ሊወስዱት ነውና ሰላሳ ሰከንድ አርገህ አሳጥርልኝ፣ ወይም ሁለተኛው ስንኝ ላይ ያለችውን አንዲት ቃል እንደገና ልቅረጻት። ጥያቄው የአስር ደቂቃ ስራ ነው፣ ሴሽኑ ልክ እንደተዘጋ ከተከፈተ። ካልተከፈተስ? ሴሽኑ ይመጣል ግን አራት ፕላጊኖች አልተገኙም ይላል። ኮምፕረሰሩ የሌለበት ቮካል አንዴ ይጮሃል አንዴ ይጠፋል፣ ሪቨርቡ የቀረበት ከበሮ ደርቆ ቁጭ ይላል። የነበረውን ድምጽ በጆሮ እያስታወሱ በሌላ ፕላጊን እንደገና መስራት ይጀመራል፣ ያ ደግሞ ቀናት ሊወስድ ይችላል፣ ዘፋኙ የሚከፍለው ግን ለአስር ደቂቃዋ ነው፣ ወይም ጭራሽ አይከፍልም ምክንያቱም ስራውን አንዴ ከፍሎበታል። እውነቱን ነው።

ከዚህ የሚብሰው ሁሉም ነገር የተከፈተ ሲመስል ነው። ፕላጊኑ አዲስ ቨርዥን አለው፣ ስሙ ያው ነው፣ ሴሽኑ ያለምንም ማስጠንቀቂያ ይከፈታል፣ ግን ሰሪዎቹ ውስጡን አሻሽለውታል፣ ሳቹሬሽኑ ትንሽ ይለያል፣ ዲሌዩ የሚቆጥርበት መንገድ ተቀይሯል። ስትሰሙት የሆነ ነገር ልክ አይደለም፣ ምን እንደሆነ ግን ጣት አይጠቁምበትም። ዘፋኙ ፋይሉን ይሰማና ቮካሉ ላይ ምን አደረክ ይላል፣ ምንም አላደረኩም ትሉታላችሁ፣ ሁለታችሁም ልክ ናችሁ።

ደግሞ መንገዱ ወደፊት ብቻ ነው የሚሄደው። በአዲሱ ሎጂክ ሴቭ የተደረገ ፕሮጀክት በድሮው አይከፈትም፣ ላይቭም እንደዛው ነው፣ ኮንታክት በሚባለው ሳምፕለርም 6 ላይ ሴቭ ያረጋችሁት ድምጽ 5 ላይ አይከፈትም። አንዴ ከፍታችሁ ሴቭ ካላችሁ የድሮው ኮፒ ከሌላችሁ በቃ ተሻግራችኋል። አንድ ሰው ብቻውን ቢሆን ይሄ ብዙም ባልከበደ፣ ግን ሙዚቃ ብቻውን የሚሰራ ሰው ጥቂት ነው። ቢቱን የሰራው አንድ ቦታ ነው፣ ቮካሉን የሚቀርጸው ሌላ ስቱዲዮ ነው፣ የሚሚክሰው ሶስተኛ ሰው ነው። ከሶስቱ አንዱ አፕዴት ሲያረግ ሌሎቹ ሁለቱ ላይ ነው ችግሩ የሚወርደው። ስለዚ አብረው የሚሰሩ ሰዎች ሳይነጋገሩም ቢሆን አንድ ቨርዥን ላይ ይቆማሉ፣ ያ ቨርዥን ደግሞ ሁልጊዜ ከመሀላቸው በጣም ጥንቁቅ የሆነው ሰው ያለበት ነው።

ይሄ በካታሊና የተጀመረ አይደለም። በ2013 ፕሮ ቱልስ 11 ሲመጣ በአርቲኤኤስና በቲዲኤም ፎርማት የተሰሩትን የድሮ ፕላጊኖች ትቶ ኤኤኤክስ የሚባለውን ፎርማት ብቻ የሚቀበል ሆነ፣ ፕላጊን የሚያሰሉለትን የድሮዎቹን ኤችዲ አክሰል ካርዶችም አልደገፈም፣ በብዙ ገንዘብ እነዚን ካርዶች የገዙ ስቱዲዮዎች ፕሮ ቱልስ 10 ላይ ቀርተው አመታት ሰሩ። ካርዱ ይሰራል፣ ድምጹ ጥሩ ነው፣ ደንበኛው ይመጣል፣ ለምን ይነሱ? ያኔ የነበረ ሰው በ2019 ማንም ሳይነግረው ምን ማድረግ እንዳለበት ያውቅ ነበር።

መቆየት ያልቻሉት

እንቆያለን ብሎ መወሰን ሁሉም ሰው እጅ ላይ አልነበረም። ባለ16 ኢንቹ ማክቡክ ፕሮ የወጣው በኖቬምበር 2019 ነው፣ አዲሱ ማክ ፕሮ በዲሴምበር፣ ሁለቱም ካታሊና ተጭኖባቸው ነው የመጡት። ማክ ደግሞ ይዞት ከመጣው ሲስተም በታች አይወርድም። ስለዚ ብዙ ሲጠብቀው የነበረውን ጠንካራ ማሽን የገዛ ፕሮዲውሰር ሞሃቬን ልጫን ቢል አይችልም፣ ፕሮ ቱልስ ደግሞ ካታሊናን መደገፍ የጀመረው በዲሴምበሩ 2019.12 ቨርዥን ነው። በመሀል ያለው ጊዜ ውስጥ አዲስ ማሽን ጠረጴዛው ላይ አስቀምጦ በድሮው የሚሰራ ሰው ነበር። አዲስ ኮምፒውተር ለስራ የምትገዙ ከሆነ መጀመሪያ የምትጠይቁት ስለ ፍጥነቱ ሳይሆን ከየትኛው ሲስተም በታች አይወርድም የሚለውን ቢሆን ጥሩ ነው፣ ይሄን አጥብቄ ነው የምለው።

ሞሃቬ ላይ የቀሩትም ቢሆኑ በሰላም አልተተዉም። ሲስተሙ በየጊዜው አዲስ አለ ይላል፣ ቀይ ምልክት ያወጣል። ተርሚናል ላይ አንድ ትዕዛዝ በመጻፍ ካታሊና የሚለውን ጥሪ መደበቅ ይቻል ነበር፣ በሜይ 2020 የወጣው የደህንነት አፕዴት ግን ያንን መንገድ ዘጋው፣ ትልልቅ አዳዲስ ቨርዥኖችን መደበቅ አይቻልም ተባለ። ይሄ ውሳኔ እኔን ያናድደኛል። ሰውዬው አስቦበት፣ የድርጅቶቹን ማስጠንቀቂያ አንብቦ፣ እያወቀ ነው ቆይ ያለው። ከጎኑ የተቀመጠ ልጅ ወይ አሲስታንት በስህተት አንዴ ክሊክ ቢያረግ የአንድ አልበም ስራ መሀል ላይ ሲስተሙ ይቀየርበታል።

መቆየት ግን በነጻ አይደለም

አሮጌ ላይ ቆዩ እያልኩ አይደለም ዝም ብዬ። ሞሃቬ የመጨረሻውን የደህንነት አፕዴት ያገኘው በጁላይ 2021 ነው፣ ከዛ በኋላ የተገኘ ቀዳዳ ክፍት ነው የሚቀረው። በዛ ማሽን ባንክ የሚገባ፣ ኢሜይል የሚከፍት፣ ከየትም የመጣ ዚፕ የሚፈታ ሰው አደጋ ላይ ነው። አዳዲስ ፕላጊኖችም ቀስ በቀስ ሞሃቬን አንደግፍም ማለት ጀመሩ። በኖቬምበር 2020 የካታሊና ተከታይ ቢግ ሰር ወጣ፣ በዛው ወር የአፕል የራሱ ኤም1 ቺፕ ያላቸው ማሽኖች መጡ፣ የድሮው ኢንቴል ፕላጊን በሮዜታ 2 በኩል እየተተረጎመ የሚሰራበት ሌላ ዘመን ተከፈተ። ያኔ ካታሊና ራሱ ብዙ አፕዴት ጠግቦ 10.15.7 ደርሶ ነበር፣ ከአንድ አመት በፊት ሰው የሸሸው ሲስተም አሁን የተረጋጋው እሱ ሆነ፣ ከሞሃቬ ተነስቶ ወደሱ ለመሄድ ጥሩው ጊዜ ያ ነበር። በኔ ግምት ከአዲሱ አንድ እርምጃ ወደኋላ መሆን ለአብዛኛው ስቱዲዮ ልኩ ነው። ሶስትና አራት እርምጃ ወደኋላ መቅረት ሌላ ነገር ነው፣ እሱ የሚያዋጣው ማሽኑን ከኢንተርኔት ነቅሎ ለድምጽ ብቻ ለሚጠቀምበት ሰው ነው።

በደንብ ያደረጉት ሰዎች ያደረጉት ነገር ምን ነበር ብትሉ፣ አንደኛው በጣም ጎበዝ መንገድ እዛው ማሽን ላይ ሌላ ቮልዩም፣ ማለትም የዲስኩን ሌላ ክፍል፣ መክፈት ነው። ከሃይ ሲየራ ጀምሮ ባለው ኤፒኤፍኤስ በሚባለው የዲስክ አሰራር ዲስኩን ሳያጠቡ ሁለተኛ ቮልዩም መጨመር ይቻላል፣ ሞሃቬ ባለበት ይቀመጣል፣ ካታሊና ጎኑ ይጫናል፣ ሲነሳ የትኛው ይነሳ የሚለውን ትመርጣላችሁ። እዛ ላይ ፕላጊኖቹን አንድ በአንድ እየጫኑ የሴሽን ኮፒ (ኮፒ ነው ያልኩት፣ ዋናውን አይደለም) እየከፈቱ መስማት። የሚሰራውን፣ የማይሰራውን፣ ድምጹ የተቀየረውን መጻፍ። ሁሉም ሲሟላ መሻገር፣ ካልተሟላ ወደ ሞሃቬ ተመልሶ ስራ መቀጠል። ከዛ በፊት ደግሞ የሚሰራውን ሲስተም ሙሉ በሙሉ ውጪ ዲስክ ላይ ክሎን ማድረግ፣ የሞሃቬን መጫኛና የእያንዳንዱን ፕላጊን መጫኛ አውርዶ ማስቀመጥ፣ ምክንያቱም ሰሪዎቹ አዲስ ሲያወጡ የድሮውን መጫኛ ከሳይታቸው ሊያነሱት ይችላሉ።

አንድ በዚህ ሁሉ ጥንቃቄ የማይፈታ ነገር አለ፣ ላይሰንስ። ሲስተሙን ብታቆዩ፣ መጫኛውን ብታስቀምጡ፣ ፕላጊኑ ኢንተርኔት ላይ ካለ ሰርቨር ጋር ተነጋግሮ ፈቃድ ካላገኘ አይከፈትም። የኩቤዝ ሰሪ ስታይንበርግ ለብዙ አመት ኩቤዝን ኢላይሰንሰር በሚባል የላይሰንስ ማረጋገጫ ነበር የሚያስኬደው፣ ያ አገልግሎት በ2025 ተዘጋ። አዳዲሶቹ ቨርዥኖች ወደ ሌላ አሰራር ስለተሻገሩ የነሱ ተጠቃሚዎች ደህና ናቸው፣ ድሮ ቨርዥን ላይ የቀረ ሰው ግን ላይሰንሱ ያለበት፣ ዩኤስቢ ላይ የሚሰካው ዶንግል እስከሰራ ድረስ ነው የሚሰራው፣ ዶንግሉ ከተበላሸ ላይሰንሱን እንደገና የሚያወርድበት ቦታ የለም። ስለዚ አሮጌ ቨርዥን ላይ መቆየት ጊዜ ይገዛል፣ ያ ጊዜ ደግሞ ስራ ሊሰራበት ይገባል።

ስራው ስቴም ማውጣት ነው፣ ማለትም እያንዳንዱን ትራክ ለብቻው የድምጽ ፋይል አርጎ ማስቀመጥ። የግራሚ ሽልማትን የሚሰጠው ሪከርዲንግ አካዳሚ ውስጥ ያለው የፕሮዲውሰሮችና ኢንጂነሮች ክፍል ባዘጋጀው የማስረከቢያ ምክር ላይ ሴሽኑን ብቻ አታስቀምጡ ይላል በአጭሩ፣ እያንዳንዱ ትራክ ብሮድካስት ዌቭ ፋይል ሆኖ፣ ሁሉም ከአንድ ቦታ ጀምረው መውጣት አለባቸው፣ ማንኛውም ፕሮግራም ላይ ብትወረውሯቸው እኩል እንዲገጥሙ። እኔ በዚህ ላይ የምጨምረው እያንዳንዱን ትራክ ሁለት ጊዜ ማውጣት ነው፣ አንዱ ፕላጊኑ ካለበት፣ አንዱ ደረቁን። ፕላጊን ያለበት ዘፋኙ ኢንስትሩመንታል ሲፈልግ ይጠቅማል፣ ደረቁ ደግሞ ከአመታት በኋላ ሌላ ሰው እንደገና ልሚክሰው ሲል። ሳምፕል ሬቱንና ቴምፖውን ፋይሉ ስም ላይ ጻፉት፣ ሚዲውን (የትኛው ኖታ መቼ እንደተመታ የሚይዘውን መረጃ) ለብቻው ኤክስፖርት አርጉ፣ ፎልደሩ ውስጥ አንድ ተራ ቴክስት ፋይል ክፈቱና የሲስተሙን ቨርዥን፣ የፕሮግራሙን ቨርዥን፣ የፕላጊኖቹን ስምና ቨርዥን ዘርዝሩ፣ ቮካሉ ላይ ያሉትን ሴቲንጎች ስክሪንሻት አንሱ። ይሄን ሁሉ መስራት ያለባችሁ ሚክሱ ባለቀ ቀን ነው፣ ሁሉም ፕላጊን ገና እየተከፈተ እያለ።